የርክክብ ደብተር

ሰኞ ጅማ ዘንቦ፣ አዌቱ ደፍርሶ፣
ወጣሁ ከፍርድ ቤት፣ ትእዛዙ ላስቲክ ለብሶ።
ለእኔ ላስቲክ አልነበረኝም።

ብስክሌቴ አርጅቷል፣ ፍሬኑ እግሬ ነው፤
ዳኛዋ የጻፈችው ግን አጭር ነው፣ ግልጽ ነው፦
«ሙዘይን አባ ዱራ ዋስ ስላቀረበ፣
ዛሬውኑ ይፈታ» ይላል፣ ላነበበ።

ጣቢያው በር ላይ ደረስኩ፤ ተረኛው ወጣት ነው፣
ስሙን አልናገርም፣ የኮቺ ሰው ልጅ ነው።
ወረቀቱን ይዞ ወደ ውስጥ ገባና፣
ሲመለስ እንዲህ አለኝ፦ «ቦሩ ኮቱ»፤ ነገ ና።

ነገ ሄድኩ።
ነገም ሌላ ነገ ወለደ።

ትእዛዙ በኦሮምኛ፣ ማህተሙ በኦሮምኛ፣
እምቢታው ግን በየትኛውም ቋንቋ አልተጻፈም ለእኛ፤
በደብተሬ ላይ እንኳ፣ «ተቀብያለሁ» ከሚለው ዓምድ ሥር፣
ስም የለም፣ ቀን የለም፤ አንድ የዝናብ ጠብታ ብቻ፣ መስመሩን ይዞ ሲንደረደር።

ሸምሲያ አጥሩ ሥር ናት፣ በባለ ሦስት እግር፣
እሱ በጠረባት፣ ባልተሸጠች ወንበር።
የዋስትናውን ደረሰኝ በሻሿ ጫፍ ቋጥራ፣
«ጋሽ ተካልኝ» አለችኝ፣ ሳትቆጣ፣ ሳትፈራ፣
«መንግሥት ብሬን ሲቆጥር ጆሮ ነበረው፤
ባሌን ስጠይቀው ምን አደነቆረው?»

መልስ አልነበረኝም።
ያለ ፍርድ ለሄደች ጭብጦ የሚያዝን ተረት አለን፤
ተፈርዶለት ላልመጣ ሰው ግን ምን እንበል፣ ምን ብለን?
አባቴ ሲነግረኝ፣ ሌባ እየሮጠ እንኳ፣
«በሕግ አምላክ!» ካሉት ቆሞ ይቀር ነበር፣ ንቅንቅ ሳይል ለካ።
ዛሬ ሕጉ ራሱ፣ በላስቲክ ተጠቅልሎ፣
በር ላይ ይቆማል፣ አንገቱን ደፍቶ፣ ሌባ መስሎ።

አርብ ዕለት ዳኛዋ መነጽሯን አወለቀች።
አልጮኸችም። ጸሐፊውን ቀስ ብላ አስጻፈች፦
«አዛዡ ችሎት ደፍሯል፤ ተይዞ ይቅረብ።» ከላይ ግን፣
ለማን እንደሚደርስ አየሁና ዓይኔን ተጠራጠርኩ፣ ዓይኔን።
ይድረስ፦
ለዚያው ጣቢያ፣
ለዚያው አዛዥ፣ ለራሱ፤
ካቴናውን አጥልቆ፣
ራሱን ነድቶ እንዲያመጣ ራሱ።

ሳቅሁ። ውሸት ምን ያደርጋል፤ ችሎት ላይ መሳቅም መድፈር ነው፤
እሷ ግን ቀና ብላ፣ «አድርስ» አለችኝ፤ «ሥራህ ነው።»

በሒርማታ ገበያ፣ በባጃጅ መሐል፣ በጭቃ፣
ነዳሁት፤ ፍሬን የሆነው እግሬ ጫማው እስኪያልቅ፣ እስኪበቃ።

ተረኛው ልጅ አነበበ። ወደ ውስጥ አልገባም።
ዝናቡ ቆቡን ሲደበድበው ከጣሪያው ሥር አልተጠጋም።
«እስክሪብቶ ይዘሃል?» አለኝ። ደብተሬን ጉልበቱ ላይ አስደግፎ፣
ስሙን እስከ አያቱ፣ ቀኑን፣ ሰዓቱን ጽፎ፣
ፈረመ።

ሙዘይን ያን ቀን አልወጣም። አዛዡም ችሎት አልቆመ።
ሰኞ ስመለስ በሩ ላይ ሌላ ፊት፣ ሌላ ልጅ፤
«የቀድሞውስ?» ስለው፣ «ተዛውሯል» አለኝ፤ ወዴት እንደሆነ አልነገረኝም እንጂ።

ስሙን አልናገርም ብያለሁ። አልናገርም።
ደብተሩ ግን እዚህ ነው፣ ላስቲክ ውስጥ፣ አልራሰም፤
ገጽ አርባ አንድ ላይ፣ ከባዶ መስመሮች መካከል፣
አንድ ሰው «ተቀብያለሁ» ይላል።