ኳሱን ተወውና

ማስታወቂያው «ቅዳሜ፣ ዘጠኝ ሰዓት» ይላል፣
እሱን አምኖ የመጣ ፀሐይ ይጠብሰዋል።
በዘጠኝ ገና መስመሩ በኖራ ይሰመራል፣
የኳስ መንፊያው ጠፍቶ ልጅ ወደ ሄርማታ ይላካል፣
ዲኑ ንግግሩን ከኪሱ ያወጣል፣
አጥፎ ይመልሳል፣ ደግሞ ያወጣል።
አንተ አሥር ሰዓት ላይ ድረስ፤ ይበቃሃል።

ከመርካቶ ባጃጅ ያዝ፣ «እርሻ ኮሌጅ» በለው፣
ዋጋውን ሳትገባ አስቀድመህ ጨርሰው፤
የፍጻሜ ለት ባጃጅ ኩራቱ የሙሽራ ነው።
ጃንጥላ አትርሳ። ጅማ ናት፣ ሰማዩ ቃል የለው፣
በቦዬ በኩል ሲጠቁር የቀረህ ሩብ ሰዓት ነው።

ድንኳኑ ሥር አትቀመጥ፤ እዚያ የታሸገ ውሃ እንጂ ኳስ አይታይም፣
እንግዳው ሲያጨበጭብ እንኳ መዳፉ አይነካካም።
ና ወደ እኔ፣ ከጎሉ ጀርባ፣ ከዋንዛዋ ጥላ፣
ባለሦስት እግር በርጩማ አለኝ፣ ካንድ ግንድ የወጣ፣ ሚስማር ያልበላ።
ሜዳው ጎርባጣ ነው፤ አራት እግር ይዋሻል፣
ሦስት እግር ግን የትም ብታስቀምጠው ይቆማል።
ኪራዩ አሥር ብር። በዕረፍት ብትሄድም ያው አሥር ይታሰባል።

እኔ ኮሌጅ አልገባሁም። ዐሥራ ስምንት ፍጻሜ ግን አይቻለሁ፣
ካየሁ ነው እንግዲህ፤ ከሰው ጀርባ ሆኜ በርጩማ እቆጥራለሁ።
ጎል የሚገባው ሁልጊዜ መልስ ስሰጥ ነው፣
ማን እንዳገባ በጩኸቱ ነው የማውቀው፦
እርሻዎች ያፏጫሉ፣ ጤናዎች ይዘምራሉ፣
ቴክኖሎጂዎች መሃል ሜዳ ሳያልፉ ያብዳሉ።

ዘንድሮ እርሻና ቴክኖሎጂ ደረሱ።
ከኪቶ ፉርዲሳ በእግራቸው መጡ፣
በርሜል እየደበደቡ መንገዱን ሞልተው ወጡ።
የእርሻው በረኛ ኦጁሉ፣ አግዳሚውን በክርኑ ሊደገፈው ምንም አልቀረው፣
ኳስ ይዞ ሲወድቅ ጭቃው ነው የሚያቅፈው።
የቴክኖሎጂው ስድስት ቁጥር ረድዋን፣ መነጽሩን በክር አስሮ፣
ፈተና ላይ የተቀመጠ ይመስላል፣ ግንባሩን ቋጥሮ።

ይህን ሁሉ እየው። ከዚያ ኳሱን ተወውና፣
መስመሩ ጋ ያለችውን እይ፣ ባንዲራ ይዛ የቆመች ቀና።
ሸምሲያ ትባላለች። ልጄ ናት። ሒሳብ ክፍል፣ ሦስተኛ ዓመት፣
ዳኝነት ግን የተማረችው እኔን ደብቃ ነው፣ በክረምት።
ኦፍሳይድ ምን እንደሆነ በበርጩማ ነው ያስረዳችኝ፣
ሳሎን ላይ ሦስቱን ደርድራ፣
«አባ፣ ይሄኛው ቀድሟል፣ ታየህ?» ያለችኝ።
ታየኝ አልኩ። አልታየኝም ነበር።

ሰማንያ ሦስተኛ ደቂቃ። ዝናቡ ጀምሯል።
እርሻ አንድ ጎል ጎድሎበታል።
ኳሱ ገባ! ሜዳው ፈነዳ፤ ጃንጥላ እንደ ቆብ ወደ ላይ ይወረወራል።
ባንዲራዋ ግን ቆማለች።
ብርቱካናማ ጨርቅ፣ ረጥባ፣ ከእንጨቷ ተጣብቃ፣
ቆማለች።

ያኔ ስድቡ መጣ። እናቷን፣ ዓይኗን፣ ሻሿን።
አጠገቤ ያለው ጎረምሳ፣ በጫማው በርጩማዬ ላይ ቆሞ፣
«የማን ልጅ ናት? ያሳደጋት ማነው?» ይላል፣ የአንገቱ ሥር ተገትሮ።
«እኔ ነኝ» አላልኩትም። ሁለት አምስት ብር ቆጥሬ ሰጠሁት፤
«ምንድን ነው?» አለኝ።
«ኪራይህ» አልኩት።
ውረድ አልኩት።

ዐሥራ ስምንት ዓመት ያከራየሁት ላይ ራሴ ወጣሁ።
ሜዳው ለካ ይህን ያህል ሰፊ ነው!
ከዳር እስከ ዳር፣ ሃያ ሁለት ልጅ፣ አንድ ኩሬ፣
ያቺም በመስመሩ ላይ፣ ውሃ ከአገጯ እየወረደ፣
እጇ ያልተጠመዘዘ።
ወደ እኔ አላየችም። አታይምም፤
ዳኛ ፊሽካ እስኪነፋ አባት የለውም።

ቀድሞ ነበር ወይ? ሰው ሁሉ ይጠይቀኛል፣ እስከ ዛሬ፣ መርካቶ ላይ፣ መስጊድ በር።
እውነቱን ልንገርህ፤ አላየሁም። መልስ እየሰጠሁ ነበር።

ለከርሞ እንግዲህ፦ ቅዳሜ። አሥር ሰዓት። ጃንጥላ።
ቀደም ብለህ ና፤ በርጩማው ካምናው በአንድ ያንሳል፣
አንደኛውን አላከራይም።