ይግባኝ ባይ

ፈርዋኒያ ፍርድ ቤት፣ መስኮት ቁጥር ሰባት፣
ወረፋ ይዤ ቆምሁ ከጧቱ ሁለት ሰዓት።
ጸሐፊው ወጣት ነው፣ ጺሙን የተላጨ፣
ጣቶቹ ላይ የማኅተም ቀለም የተረጨ።
የመዝገቡን ቁጥር ጻፈ፤ ቀና ብሎ ሳያይ
«ሞታለች» አለኝ፣ «ሐያት፣ ይግባኝ ባይ።
ሟች አይከራከርም፤ ክርክሩ ቆሟል፤
ወራሽ በስድሳ ቀን ካልቀረበ ይዘጋል።»
በእነሱ ቋንቋ ሐያት ሕይወት ማለት ነው።
ሕይወት ሞታለች ሲል ቃሉ አልደነቀው።

ለእኔ አዲስ አልነበረም። በካርጎ የሸኘኋት እኔ ነኝ፤
ደረሰኙ ቦርሳዬ ውስጥ አለ፤ ሚዛኑ ተጽፏል፦
መቶ አሥራ ሁለት ኪሎ፣ ከነሣጥኑ።
በቁሟ ሃምሳ እንኳ አልሞላችም።

የአሥራ ዘጠኝ ወር ደመወዝ ነው ነገሩ።
የሥር ፍርድ ቤት ሰባቱን ፈረደላት፤
ለአሥራ ሁለቱ ግን ማስረጃ የለም አላት።
የዚያን ቀን ደረጃው ላይ ጫማዋን አውልቃ
«ይግባኝ እላለሁ» አለች፣ አልቅሳ ሳይሆን ስቃ።
ይግባኝ ያለችው እሷ አፈር ገባች፣
የሚገባትን ግን እዚህ ትታ ሄደች።

ስድሳ ቀን።
የእኔ እረፍት ዓርብ ነው፤ ፍርድ ቤቱም ዓርብ ያርፋል።
ስለዚህ ማዳምን «ጥርሴን!» እላታለሁ።
እስካሁን አራት ጥርስ አስነቅያለሁ፣
አፌ ግን ሙሉ ነው።

በዘጠነኛው ቀን ለእናቴ ደወልሁ።
«አርባዋ ሳይወጣ ስለ ገንዘብ?» አለችኝ፤
«ምን ይለናል ሰዉ?» ስልኩን ዘጋችብኝ።
አልፈረድሁባትም። እዚያ አርባው ለነፍስ ነው፣
እዚህ ስድሳው ለመዝገብ፤ ሁለቱም ማንንም አይጠብቁም።
አርባዋ ሲወጣ ደግሞ ነሐሴ ገብቶ
የወረዳው ፍርድ ቤት ቆየን በሩ ተዘግቶ።
ተረኛ ዳኛ ተለመነ። ሦስት ምስክር ተቆጠረ።
የልጇ የትርሲት ወራሽነት፣ የእናቴ ሞግዚትነት፣ የእኔ ውክልና፣
ከወረዳ ዞን፣ ከዞን አዲስ አበባ፣ ከውጭ ጉዳይ ኤምባሲ፣
ማኅተም በማኅተም ላይ፣ ቀለም በቀለም፤
ወረቀት እንዲህ ሲደክም አይቼ አላውቅም።

በሃምሳ ሰባተኛው ቀን ደረሰኝ፣
ከእረፍት በመጣች የወልድያ ልጅ ሻንጣ ውስጥ፣
በርበሬ በርበሬ እየሸተተ።
አስተርጓሚው በአሥር ዲናር ወደ ዓረብኛ መለሰልኝ።
ጸሐፊው አነበበ፣ አነበበና ጣቱን አንድ ቃል ላይ አቆመ።
«የሻረግ እንዳላማው ማን ናት?»
እህቴ ናት።
«የሞተችው ሐያት ናት።»
እህቴ ናት።
ደላላው ነው ኮምቦልቻ ላይ ስሟን የቀየረው፣
ለቪዛው ይቀልላል ብሎ።
እናቷ የሻረግ አለቻት፣ ፓስፖርቷ ሐያት፤
ሁለት ስም ይዛ አንዴ ነው የሞተችው።
ይህ በዓረብኛ እንዴት ይባላል?

በሃምሳ ዘጠነኛው ቀን አምስተኛ ጥርሴን አሳመምሁ።
የፓስፖርቷ ቅጂ፣ የክርስትና ካርዷ፣
ሳልሚያ ባሕር ዳር የተነሣነው ፎቶ፣ ዐይኗን ፀሐይ አስጨፍኗት፣
ኤምባሲው «ሁለቱ አንድ ሰው ናቸው» ብሎ የጻፈው
ባለሁለት መስመር ደብዳቤ።
ጸሐፊው አገላበጠ። ይሆናል አላለም፤ አይሆንም አላለም።
ማኅተሙን መታበት። ማኅተም ቀኑን እንጂ ሌላ አይናገርም።
«ዳኛው ያያል።»

ዛሬ ችሎት ነው። ከኋላ ወንበር ላይ ተቀምጫለሁ፣
ማዳም ስድስተኛውን ጥርስ እየጠበቀች።
የጎን ወንበር ላይ የአሠሪዋ ጠበቃ ስልኩን ይነካካል።
ችሎት አስከባሪው ወጣ፤
«የሐያት ወራሾች» ማለት ነበረበት፣
አላለም።
«ሐያት!» አለ። «ሐያት!»
ሦስተኛውን ሳይጠራ ተነሣሁ፦
«አቤት!»