መቶ አርባ ሁለት

ጣራው የዛገ ቆርቆሮ፣ ግድግዳው የጀልባ ሳንቃ፣
ከፊቱ የሣር ማኮብኮቢያ፣ አሳማ የሚያባርር አንድ ጥበቃ፤
ከበሩ ሥር አንድ ሚዛን፣
ከሚዛኑ ኋላ እኔ፣ ፊሊሞኔ፣
ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ ቁጥር ጠሪ በሥልጣን።

ወደ ቶንጋታፑ የምትበረው ስምንት ወንበር ያላት ብቻ፣
ባሕሩን የምትሻገር በሰባት ደቂቃ ሩጫ።
ስለዚህ ሰው ይመዘናል፣ ከነጓዙ፣ ከነዘንቢሉ፣
ከነጎደሬው፣ ከነዳቦው፣ ወገቡ ላይ ከታሰረ የክብር ሰሌን ጥቅሉ።
እኔ ቁጥሩን ጮኼ እጠራለሁ፣ አብራሪው በእርሳስ ይጽፋል፤
ማን ከፊት፣ ማን ከኋላ እንደሚቀመጥ ያኔ ይታወቃል።

ድሮ ሉሴአኔ ስትመጣ፣ የዳቦ ቤቷ እመቤት፣
ወረፋው ራሱ ይከፈል ነበር፣ መንገድ ይሰፋላት።
ጫማዋን አውልቃ፣ ቤተ ክርስቲያን እንደሚገባ ሰው፣
አንድ እግሯን ስታሳርፍ መርፌው ይዘላል፣ ሁለተኛውን ስታሳርፍ እኔ ነኝ የምዘለው፦
«መቶ አርባ ሁለት!»
ቤቱ በሳቅ ይናወጣል፣ ሽማግሌው ይመርቃል፣ ሰባኪው ያጨበጭባል፤
እሷም አንገቷን ቀና አድርጋ፦
«አባቴ ባለ መሬት ነው፣ እናቴም እጇ አያጥርም፤
ከነሱ ደጅ የወጣች ልጅ እንደ ሸምበቆ አትቀጥንም!»

የውጭ አገር ሰው ሲመጣ፣ ስስ፣ አጥንቱ የሚቆጠር፣
ድምፄን ዝቅ አደርግ ነበር፣ ገበናውን ለመሰወር።
«ሃምሳ አንድ» እላለሁ በሹክሹክታ፣ እንደ መርዶ መልእክት፤
«ምነው፣ እናት የለውም?» ትላለች ከኋላ አንዲት ሴት።
ሙዝ ታስይዘዋለች።

ከዚያ ነርሷ መጣች፣ ሜትር በአንገቷ አንጠልጥላ፤
ግድግዳዬ ላይ ሥዕል ለጠፈች፣ ቀዩን ሰው አስተክዛ፣ አረንጓዴውን አስቃ ሥላ።
የቆርቆሮ ሥጋው ግን ከመርከቡ መውረዱ አልቀረም፤
የበግ ስብ፣ እዚያ ማዶ የማይበሉት፣ ለኛ በርካሽ መሸጡ አልቆመም።
(ሥዕሉ ላይ እሱ የለም።)

ቀጥሎ ቪካ፣ ከኦክላንድ፣ የሉሴአኔ የእህት ልጅ፣
አራት ዓመት ተምራ መጥታ፣ ቆማ ከሚዛኑ ደጅ፣
ገና ሳትወጣበት መዳፏን ጣለች ከቁጥሩ፤
«አትጥራው» አለችኝ፣ «ጻፈው ብቻ፤ ምን ያደርጋል ሰው ማሳፈሩ?»
ማሳፈር? ቃሉን አገላበጥኩት። እንደ ባዕድ ሳንቲም፣
የትኛው ሱቅ እንደሚመነዝረው አላወቅሁም።

በሳምንቱ ሌሎቹም ሴቶች መዳፋቸውን ጣሉ። ሰንብቶ ወንዶች።
እኔም ሚዛኑን አዞርኩት፣ ፊቱን ወደኔ፣ ጀርባውን ለሰዎች።
ሳቁ ቀረ።
ጎደሬው ብቻ ጮክ ተብሎ ይጠራ ጀመረ።

ሉሴአኔ ጠፍታ ከረመች። የጣት ቁስል ነው አሉ፣ ትንሽ፣ ከዛጎል፤
ስኳሯን ታውቃለች፤ ኪኒኑ ከዱቄቱ ጆንያ ኋላ ይውል።
ሆስፒታል ወሰዷት፤ ዝናቡ መጣ፣ ሄደ፤
ስትመለስ ግራ እግሯ ከጉልበት በታች የለም።
መንደሩ በምን ዓይን እንደሚያያት አላወቀም።
ነርሷ ፊት ላይ «አላልኩም?» አለ፤ ቪካ ጓዳ ገብታ ታለቅሳለች፤
አሮጊቶቹ «ከሳች፣ ከሳች» ይላሉ፤ እሷ ተቀምጣ ሊጥ ታቦካለች።

ትናንት ለምርመራ መጣች፣ በምርኩዝ፣ ሰሌኗን ታጥቃ፣
ቪካ ልትደግፋት ስትል በክርኗ ገፋቻት ስቃ።
አንድ እግር፣ ሁለት ምርኩዝ። መርፌው ተንቀጠቀጠ፣ ቆመ።
እኔም ወደ እርሳሱ ጎንበስ አልኩ፣ ለአብራሪው ልጠቁመው።
«ፊሊሞኔ! ድምፅህን የት ጣልከው?
ጥራው እንጂ እንደ ድሮው!»

መርፌው ያለውን አውቃለሁ። እዚህም አልናገረውም።
ጉሮሮዬን ጠረግሁ፦
«መቶ አርባ ሁለት!»

ወረፋው ዝም አለ። ከዚያ አንዱ ከኋላ አጨበጨበ፤
ሽማግሌው «ይጨምርልሽ» አለ፤ ከልማድ ይሁን ከልብ፣ እሱም አላሰበ።
ቪካ አየችኝ፣ መዳፏ አየር ላይ እንደቀረ።
አብራሪው ባዶውን የቀሚስ ጫፍ አየ፣
ሌላ ቁጥር ጻፈ፣
ምንም አላለኝም፤
ከኋላ አንድ ጆንያ ጎደሬ ተሸክሞ መጣና
ከጎኗ፣ በግራዋ በኩል፣ አስቀመጠው።