ሳይታተም የታተመ

ሊፓያ ሌሊቱን ነፋስ ነው የሚያድር፤
ከባልቲክ ባሕር ላይ ጨው ጭኖ ሲበር
የሆስፒታላችን መስኮት ይንቀጠቀጣል።
እኔ ምድር ቤት ነኝ፤ ሰርቨሩ ያቃስታል።
ሥራዬን ማንም ሰው ምን እንደሆን አያውቀው፤
ሲሠራ ስሜ የለ፣ ሲበላሽ ስሜ ነው።

ድሮ፣ ቁልፍ ሳይመጣ፣ ከደረጃው በላይ
አንድ አታሚ ነበር ለሁሉ የሚታይ፣
የላኩበትን ሁሉ እዚያው የሚተፋ፤
የደም ውጤት ይሁን፣ የቀዶ ጥገና ወረፋ፣
የወጥ ቤቱ ዝርዝር፣ የሽንኩርት ሒሳብ፣
አንዱን ባንዱ ላይ ሲደርብ፣ ሲደርብ።

አንድ ማክሰኞ ጧት ጉንቫልዲስ በረኛው
የራሱን ሊያነሣ አነሣ የሌላ ሰው።
ክፋት አልነበረውም፤ ዓይን አይታሰርም፤
ያዩትን ፊደል አላየሁ አይሉም።
ላንድ ሰው ነገረ፣ «ለማንም እንዳትል» ብሎ፤
ያ አንድ ሰው ደግሞ ላንድ ሰው፣ ምሎ አስምሎ።

ስካይድሪቴ ከራጅ ክፍል ለምሳ ስትወርድ፣
ትሪዋን ይዛ፣ እንደ ወትሮዋ ስትቀልድ፣
የቀይ ሥር ሾርባውን የምትቀዳው ሴት
ዓይኗን ሰበር አርጋ ሁለት ማንኪያ ክሬም ጨመረችላት።
ሁለት ማንኪያ። ሁልጊዜ አንድ ነበር።
ስካይድሪቴ ቆመች፤ ትሪው ይንቀጠቀጥ ጀመር።
ሐኪም ሳይነግራት፣ ወረቀት ሳይደርሳት፣
ክሬሙ ነው ያረዳት።

(ድናለች። ኩልዲጋ ከእኅቷ ጋር ንብ ታረባለች።
ቀይ ሥር ግን በዓይኔም አይግባ ብላለች።)

ቁልፍ የመጣው ከዚያ ወዲህ ነው። አሁን
ወረቀት ዝም ብሎ አያሳይም ፊቱን፤
ውስጥ ሆኖ ይጠብቃል፣ በምስጢር ተቋጥሮ፣
ባለቤቱ መጥቶ፣ አራት ቁጥር ቆጥሮ
እስኪነካው ድረስ።
ሳይታተም ታትሞ።

ከዚህ ሁሉ በታች አንድ ቤተ መጻሕፍት አለ፣
ወንበር የሌለበት፣ አንባቢ ያልዋለ፤
አንዱ ፋይል ይቋጥራል፤ ሌላው ደጅ ላይ ሆኖ
«ማን ነህ? ማን ላከህ?» ይላል፣ ማስረጃ ለምኖ፤
ሦስተኛው ይፈታል፣ ጌታው «እኔ ነኝ» ካለ።
ፕሮግራም ሲቸግረው ከዚያ ነው የሚዋስ፤
ቢዋስ አይቀደድ፣ ቢመልስ አይቀንስ።
የጻፋቸውን ሰው አላውቀውም፤ ምናልባት የሆነ ቦታ
ልጁን አስተኝቶ፣ መብራቱን ዝቅ አርጎ በማታ
ለማያውቀው በሽተኛ መጋረጃ የሚሰፋ፣
ደመወዝ ያልጠየቀ፣ ለስሙ ያልለፋ።

ዛሬ ማታ ማሻሻያ ጫንኩ፤ ደኅና መሰለኝ።
ከሌሊቱ ሰባት ላይ ስልክ አንቃጨለብኝ፤
ዶክተር ቪዝማ ነች። «ገብቷል፣ አይወጣም» አለችኝ።
መዝገቡን ከፈትኩት። አንዲት ደረቅ መስመር
እንደ ችሎት አስጠሪ፣ ከነስሙ ከነቁጥር፦
ፋይሉ አልተገኘም።

«ቁልፉን ንቀለው» አለች፣ «ለዛሬ ለማታ፤
ማን ያየዋል አሁን? ሁሉም ተኝቷል በተርታ።»
እውነቷን ነው። አንድ ምልክት ማንሣት፣ አንዲት ጣት።
ሁለት ማንኪያ ክሬም መጣብኝ ድንገት።
«አሥር ደቂቃ ስጪኝ።»

ፈለግኩ። ፋይሉ አልጠፋም፤ እዚያው ነበረ፤
ጠቋሚው ነው ጣቱን ወዳሮጌው ቤት የቀሰረ።
አሮጌው ፈርሷል ዛሬ፤ አዲሱ ከጎኑ
ጠሪ አጥቶ ቆሟል፣ እስኪደርሰው ቀኑ።
ጣቱን አዞርኩለት። ይኸው ነው ነገሩ፤
ላይ ቤት ነፍስ ያድናሉ፤ የእኔ ጣት ማዞሩ።

ደረጃውን ወጣሁ፣ መሥራቱን ለማየት።
ጉንቫልዲስ ቆሞ ነበር፣ ሸብቶ፣ ከአታሚው ፊት፤
በግራ መዳፉ ቁልፎቹን ከልሎ
አራት ቁጥር ነካ፣ ቀስ ብሎ፣ ቀስ ብሎ።
አታሚው ተነፈሰ። አንዲት ገጽ ወጣች፤
ገና በትኩሷ ደረቱ ውስጥ ገባች።

ምን እንደሚል አላውቅም። ፊቴን ወደ መስኮት
አዞርኩ፤ የባሕር ጨው ነበር፣ መስታወት፣ ሌሊት።
«ይሠራል» አለኝ ሲያልፍ።
«ይሠራል» አልኩት።