ገጽ አርባ ሦስት

ቤልሚሮ ኮፈኑን ከፍቶ ጎንበስ ብሎ አየና፣
መጥፎ ወሬ እንደያዘ ሐኪም ጥቂት ዝም አለና፣
«አዶዚንዳ» አለኝ፣ «ውሃ ፖምፓው ሞቷል፤
የእጄ ዋጋ ሲደመር ከመኪናዋ ይበልጣል።»

ሬኖ አራት ናት፣ የሰባ ስምንት ምርት፣
የሰርዲን ቆርቆሮ፣ ጎማ የገጠሙላት፤
ማርሿ ከዳሽቦርዱ ብቅ ያለ ከዘራ፣
ጥሩምባዋ እንደ ዳክዬ አፍሮ የሚጣራ።
እኔ የማውቀው ዓሣ ነው። ማቶዚኞስ፣ ፋብሪካ፣
ሠላሳ አንድ ዓመት ራስና ጭራ ስቆርጥ፣ ለቆርቆሮው ልክ ስለካ።
የሞተር ሆድ ዕቃ ከሰርዲን ሆድ ዕቃ
ምን ያህል ቢከፋ ነው? አልኩ፣ በንዴት ስነቃ።

ቅዳሜ ፖርቶ ወረድኩ፣ ወደ አሮጌ ዕቃ ሜዳ፣
ጭጋጉ ከዶውሮ ወንዝ ገና ጓዙን ሳያሰናዳ።
የጸሎት መጽሐፍ አለ። የኬክ መጽሐፍ አለ።
የፊያት አለ፣ የቮልስ አለ፣ የትራክተር እንኳ አለ፤
የእኔይቱ ግን «ባለፈው ሳምንት ነበረ» እየተባለ፣
ወገቤ ሊበጠስ ሲል፣ አንዲት ሴትዮ፣ ሴቬሪና፣
ከተሰነጠቁ ሳህኖች ሥር እጇን ሰደደችና
«ይሄ ነው?» አለች።
ነበር።
«አራት ዩሮ።»
«ሽፋን የለውም እኮ!»
«ሽፋኑን ትነጂዋለሽ እንዴ?»
ሦስት ከፈልኩ።

ግራሶ የጠገበ ነው፤ ሲገለጥ ገጹ ይጣበቃል።
ገጽ አርባ ሦስት ላይ አውራ ጣት ታትሟል፤
ጥቁር፣ ሙሉ፣ መስመሩ አንድ በአንድ የሚቆጠር፣
እንደ መታወቂያ አሻራ፣ ስም ግን የሌለው ከሥር።
በኅዳጉ ደግሞ እርሳስ ከመጽሐፉ ጋር ይሟገታል።
«ቡሎኑ በቀላሉ ይፈታል» ይላል መጽሐፉ።
«ውሸት!» ይላል እርሳሱ።
«ሥራው ሁለት ሰዓት ይፈጃል።»
«ሦስት ቀን። በሁለተኛው ዘነበ።»
«የግራውን ቡሎን አትመነው። ዝምተኛ ነው።»
ከፖምፓው ሥዕል ጎን፣ በችኮላ፦
«እዚህ ላይ አቆምኩ። ኢቮኔ ተወለደች። ነገ»
ነገ ብሎ ነጥብ እንኳ አላኖረም።
ከዚያ ወዲያ እስከ መጨረሻው ገጽ
አንዲት ቃል የለም።

ፖምፓ ከአሮጌ ብረት ሻጭ አገኘሁ፣ በአሥራ ስምንት ዩሮ።
አሥራ አንድ ቁጥርና አሥራ ሦስት ቁጥር ቁልፍ ከቤልሚሮ ለመንኩ።
እየሳቀ ሰጠኝ። ይሳቅ፤
የሚስቅ ሰው ቁልፍ አይከለክልም።

ሰኞ ከሥራ መልስ ኮፈኑን በመጥረጊያ እንጨት ደግፌ ገባሁ።
ቺንጊያውን አላላሁ፣ አረንጓዴውን ውሃ በባልዲ ቀዳሁ፣
ሦስት ቡሎን ፈታሁ፣ አራተኛው የግራው ነው።
ዝም አለኝ።
እኔም ዝም አልኩት።
ዘይት አጠጣሁት፣ ራት በላሁ፣ ተመለስኩ፤
በመዶሻ ጭራ ኳ ኳ፣ ደግሞ ቁልፉን፣ ደግሞ ኳ ኳ፣
ማክሰኞም እንዲሁ፤ «ና እንጂ» አልኩት፣ «የማን ልጅ ነህ?»
ረቡዕ ማታ ወጣ። ሳይበጠስ።
ግራሲንዳ ከላይ ፎቅ በመስኮት ብቅ ብላ
«ማን ሞተ?» አለች፤
ለካ ጮኬ ኖሯል።

ሐሙስ ሁሉን መልሼ ገጠምኩ። አንዲት ዳዶ ተረፈች።
መጽሐፉን ጠየቅኩት፣ አያውቃትም።
እርሳሱን ጠየቅኩት፣ ኢቮኔን ታቅፎ ሄዷል።
ቁልፉን አዞርኩ፤
አንዴ አሳለች፣ ሁለቴ አሳለች፣
በሦስተኛው እንደ ሽሮ ድስት ተንተከተከች፤
መርፌው ወጣ፣ ወጣ፣ መሃል ላይ ቆመ፤
ከዚያ አላለፈም። አንዲት ጠብታ መሬት ላይ የለም።

እጄን ሳልታጠብ ገጽ አርባ ሦስትን ገለጥኩ፣
አውራ ጣቴን ከአውራ ጣቱ ጎን ጫንኩ፤
የእኔ ያንሳል፤ የቢላ ጠባሳ ለሁለት ከፍሎታል።
«ነገ» ያለበት ላይ እርሳሱን አሳረፍኩና
መልሼ አነሳሁ።
ፖምፓውን ጨርሼለታለሁ፤ ነገን ግን እሱ ያውቃል።
ከታች፣ ባዶ በቀረው ጥግ፣ ይህን ጻፍኩ፦
«አራት ቀን። አልዘነበም።
አንዲት ዳዶ ተርፋለች፣ መተርኮሻው ውስጥ ናት፤
የት እንደምትገባ የሚያውቅ ካለ፣ እዚህ ይጻፍልኝ።»