ከታች ነው፣ የትም አልሄደም

ሥራዬ ቁጥር ነው። ሲነጋ እወርድና
ቀለሙ የለቀቀ ብረት ፊት ቆሜ
ውሃው የነካውን መስመር አነባለሁ።
በእርሳስ ነው የምጽፈው፤
«ብዕር ዝናብ ሲነካው ያለቅሳል» ይል ነበር
መዝገቡን ያስረከበኝ አቶ ላታሞ።

የሐዋሳ ሐይቅ መውጫ የለውም።
ጥቁር ውሃ ይገባል፣ ክረምት ይገባል፣ የከተማው እጣቢ ይገባል፤
የሚወጣው በሰማይ በኩል ብቻ ነው።
ስለዚህ ከፍ ሲል ጠያቂ የለው፣
ዝቅ ሲል ይቅርታ አይል።

ከአሞራ ገደል ማዶ፣ ደንገሉ ከሚያልቅበት፣
ካርታ የማያውቃት አንዲት ደሴት አለች።
አጥማጆቹ «ቂጣዋ» ይሏታል፤
ሲርባቸው ያወጡላት ስም ሳይሆን አይቀርም።
ርዝመቷ፦ በበጋ ሰማንያ እርምጃ፣ በነሐሴ ሠላሳ፣
በመስከረም ማለቂያ አንድ ሾላና አንድ ጉማሬ።
ቁመቷ፦ ከአባ ኮዳ ጉልበት እስከ ደረቱ።
አፈሯ፦ ላዩ የወፍ ኩስ፣ ሥሩ ገል፣
ከገሉም ሥር ያ ውሃ ላይ የሚንሳፈፍ ቀላል ድንጋይ፣
ምድሪቱ እሳት በነበረች ጊዜ የተፋችው።

መልክዓ ምድሯ ይኸው ነው።
ታሪኳ ግን በላስቲክ ተጠቅልሎ
ዳንጊሴ ቡርሳሞ መቀነት ውስጥ ይኖራል።

ዳንጊሴ ቆሮሶ ትሰነጥቃለች፤
ቢላዋ ይዛ ስትቆም ዓሣው በራሱ የሚከፈት ይመስላል።
አንድ ማክሰኞ እጇን ሳትታጠብ ወደ ብረቱ መጣች።
«ውሃውን የምትቆጣጠረው አንተ ነህ?»
«የምቆጥረው ነኝ» አልኳት።
«ያው ነው» አለች፣ መቀነቷን እየፈታች።

ደረሰኙ እንደ ሽንኩርት ልጣጭ ሳስቷል።
«ሦስት ጥማድ፣ የእንሰትና የግጦሽ፣ በሐይቁ አፍ።
ግብር ከፋይ፦ ቡርሳሞ ሹራሞ።»
ማኅተሙ ላይ ከነበረው አንበሳ
የቀረው ጭራው ብቻ ነው።

«መጀመሪያ ደንገሉ ሰጠመ» አለች፣
«ከዚያ የጥጃው ጋጣ፣
ከዚያ መንገዱ።
መንገዱ ሲሰጥም እኛ ደሴት ሆንን፤
ጎረቤት እሳት ለመጫር በታንኳ ይመጣ ጀመር።
አባቴ ግን ግብሩን ሊከፍል
በየዓመቱ ወደ ከተማ ይቀዝፍ ነበር።
ጸሐፊው ‹መሬቱ የታለ?› ቢለው
‹ከታች ነው፣ የትም አልሄደም› አለው።»
ሲመለስ ደግሞ፣ ታንኳውን እያሰረ፣

«ላሜ ጠፋች ብዬ ስፈልግ በሜዳ፣
ሜዳው ራሱ ጠፍቶ ውሃ ሆነኝ ዕዳ።»

በሲዳምኛ ነበር ያለው፤
እሷ በአማርኛ ስትነግረኝ ቤት መታ።

ዘንድሮ ውሃው ሸሸ።
መዝገቡ ላይ እንዲህ ያለ ቁጥር ጽፌ አላውቅም፤
ሁለቴ ወርጄ፣ ብረቱን በእጄ ጠርጌ አረጋገጥኩ።
እሑድ ሄድን። የቀዘፈልን ሀሜሶ የሚባል ልጅ ነው፣
ስልኩን በላስቲክ ጠቅልሎ በጥርሱ የያዘ።

ታለቅሳለች ብዬ መሐረብ ይዤ ነበር።
ጫማዋን አውልቃ ከሾላው ሥር መቁጠር ጀመረች።
«እዚህ ጋጣ። ጻፍ።
እዚህ ምሶሶ። ጻፍ።
እዚህ ገንቦ ሰብሬ የተገረፍኩበት።
እሱንም ጻፍ።»
ጻፍኩ።
ደረቁ አለቀ፤ እሷ አላቆመችም፣
ውሃው ቁርጭምጭሚቷን፣ ጉልበቷን፣ ቀሚሷን ያዘ፤
ሀሜሶ «እማማ፣ ጉማሬ አለ!» ብሎ ጮኸ።
«እሱ ጎረቤት ነው» አለች፣ ሳትዞር፣
«ድንበሩ ገና ወዲያ ነው። መቶ አርባ ሁለት። መቶ አርባ ሦስት።»

ሰኞ ጠዋት ቁጥሩን ጻፍኩ።
በስተቀኝ «አስተያየት» የሚል ዓምድ አለ፤
በአሥራ አንድ ዓመቴ አንዲት ፊደል አላሰፈርኩበትም፣
አቶ ላታሞም ከኔ በፊት።
«ሦስት ጥማድ» አልኩበት፣ በእርሳስ።
አለቃዬ ቢጠይቀኝ የምመልሰውን አላውቅም።

ስመለስ ሁለት ቆሮሶ በጋዜጣ ጠቀለለችልኝ።
ገንዘብ ባወጣ እጄን ገፋችው።
«ከመሬቴ የወጣ ነው» አለች፣
ቀጣዩን ዓሣ እያነሳች።