ውሊና

ኬምኒትስ፣ ማዘጋጃ ቤት፣ ሁለተኛው ፎቅ ላይ፣
ቁጥር ቆርጠን ተቀምጠን ከአንድ ሰዓት በላይ፣
አንቺ የአሥራ ዘጠኝ ቀን፣ በጋሪሽ ተኝተሽ፣
ስም የለሽ፣ ዕዳ የለሽ፣ እጅሽን ጨብጠሽ።

ወይዘሮ ክሬችመር ናት የመዝገቡ ሹም፤
መነጽሯ በገመድ፣ ፊቷ አይቆጣም አይስቅም።
ቅጹን አየችና ቆመች አንድ ቃል ላይ፤
ጣቷን ጫን አደረገች እንደ ቁንጫ ገዳይ።

«ይሄ ስም ምንድን ነው? ከየት ነው የመጣ?»
ወፍራሙ መጽሐፏ ከመሳቢያ ወጣ፤
በ«ቩ» በኩል ገለጠች፣ በ«ኡ» በኩል ደግሞ፣
የለሽም፤ ቢፈለግ፣ ቢታይ ተደጋግሞ።

«ፓውሊና ለማለት ነው? ፊደል ተሳስቶ?»
እናትሽ ዝም ስትል የእኔ አፍ ተፈትቶ፣
ጀርመንኛዬ ሲሰበር እንደ ደረቅ ዳቦ፣
ስለ ክር አወራሁ፣ ላብ አንገቴን ከቦ፦

«ልቃቂት ያውቃሉ? የተፈተለ ድር፣
ጫፉ የጠፋ ቀን ሰው የሚያሳርር።
ያንን ጫፍ ነው እኛ ‹ውል› ብለን የምንጠራው፤
እሱን የያዘ ጣት ነው ሸማውን የሚሠራው።»

ሴትዮዋ ዝም አለች። ከመስኮቱ ማዶ
የፈትል ፋብሪካው ጭስ ማውጫ ቆሟል፣ ስንት ዓመት በርዶ።
«እናቴ እዚያ ነበረች፣ ሠላሳ ዓመት ፈታይ፤
ጫፍ ትፈልግ ነበር ስትሞት፣ ብርድ ልብሷ ላይ።»

ማኅተሙን አነሳች። «በቩ ካስገባናት
ልጆች ያጣምሙታል» ብላ በኡ ጻፈቻት።
ስለዚህ ከደወሉ ግርጌ ኡሊና ትባያለሽ፤
ጫማሽን አውልቀሽ ስትገቢ «ው»ሽን ታገኛለሽ።
የመድኃኒት ቤቷ ሴት ስምሽን ወዳዋለች፤
«ተራራ ላይ የሚበቅል አበባ ነው አይደል?» አለች።

ይሄ ሁሉ ሳይሆን፣ ገና ሆድ ውስጥ ሳለሽ፣
እናቴ ከደብረ ታቦር በስልክ ስም ላከችልሽ፦
«ምትኬ ትባል በቃ። ካልሆነም ማስረሻ።
እንባም እንደ እድፍ ነው፣ ይፈልጋል ማበሻ።»

ክፋት የለበትም። እኔም ካሣሁን ነኝ፤
የማላውቃትን እህቴን ዕዳ ስከፍል የኖርሁ የሚመስለኝ።

እናትሽ ሰምታለች፣ ድስት እያጠበች።
«ይቺ ልጅ የማንም ለውጥ አይደለችም» አለች።
«ሰባት ወር ይዤዋለሁ። ለምን ልርሳው? አልረሳም።
ውል ይለኛል ትራም ውስጥ፣ ውል ይለኛል በሕልሜም።»
ውሃውን ዘጋች። ከዚያ ወዲያ አልተናገረችም።

በሳምንቱ፣ በገበያ ዝርዝር ጀርባ፣ ማቀዝቀዣው ላይ፣
«ውሊና» ተጽፎ አገኘሁ፣ ከሽንኩርትና ከወተት በላይ።
«ና»ዋን ለጌጥ መሰለኝ፣ ለዚህ አገር ጆሮ፤
ማርቲና፣ ካሮሊና እንዲሉ፣ እንዳይጎረብጥሽ ኑሮ።
ሁለት ዓመት ሙሉ እንደዚያ መሰለኝ።

ዛሬ ዳክዬ ስታባርሪ ከኩሬው ዳር ራቅሽ፤
እናትሽ ከአግዳሚው ተነስታ ጠራችሽ።
ነፋስ ነበር። ትንፋሿ መሐል ላይ አጠራት፣
ስምሽም ተከፈለ፣ ከአፏ ሳይወጣላት፦
«ውሊ…»
ቆይቶ፣ ዝቅ ብሎ፣ ለሌላ ሰው እንደሆነ፣
«ና።»

አንቺን «ነይ» ነው የምትልሽ። ሁልጊዜም «ነይ» ነው።
«ና» ብሎ መጥራት ለወንድ ልጅ ነው።

አንቺ እየሮጥሽ መጣሽ፣ አንድ ጫማሽን ጥለሽ።
እሷ ከአንቺ አሻግራ ውሃ ውሃውን ስታይ ቆየች።
ዞር ብዬ አየኋት። ምንም አልጠየቅኋትም።
ኮፍያሽን አስተካከለች፣ የቀረውን ዳቦ ለሁለት ገመሰች፣
አንዱን ለአንቺ ሰጠች።
አንዱን ያዘች።